አስጎብኚው ጋስፓር እና የሽካንሃ ውሃ

ሽታው መጀመሪያ የመጣው በነፋስ ነበር፤ ያውም ነፋሱ ከደቡብ ሲነፍስ፣ ዝናብ ሊጥል ሲል ብቻ። የሳክሉም መንደር ሰው በሩን ይዘጋና "የአሳማዎቹ ነው፣ ያልፋል" ብሎ እራቱን ይበላል። ጋስፓር ጹልም እንደ ሰው ሁሉ በሩን ዘግቶ በልቷል። ሽታው ደግሞ እውነትም ያልፍ ነበር። እየቆየ ሲሄድ ግን የሚያልፍበት ጊዜ እየረዘመ፣ የሚመለስበት እያጠረ መጣ።

ጋስፓር የተወለደው እዚያው ሳክሉም ነው፤ አባቱ በቆሎ የሚዘራና ንብ የሚያረባ ሰው ነበር። ጋስፓር ግን ገና ጢም ሳያበቅል እንደ እኩዮቹ ሁሉ ወደ ባሕሩ ዳርቻ ወርዶ የሆቴል ግንባታ ላይ ሲሚንቶ ተሸከመ። እንግሊዝኛ የለመደው እዚያ ነው፤ ከቤሊዝ የመጣ አንድ አፈኛ ፎርማን ቀኑን ሙሉ ሲሰድበው፣ መጀመሪያ ስድቡን ለየ፣ ቀጥሎ የቀረውን ቋንቋ። ሚስቱ ላንዲ ሴት ልጅ ስትወልድለት የተሠራውን ሆቴል ለባለቤቶቹ ትቶ ወደ መንደሩ ተመለሰ። ተምሮ፣ ተፈትኖ፣ የአስጎብኚነት ፈቃድ በአንገቱ አንጠለጠለ። አንዲት አሮጌ ነጭ ሚኒባስም ገዛ።

ከዚያ ወዲያ ኑሮው አንድ መንገድ ሆነ። ጠዋት ከቫያዶሊድ አደባባይ እንግዶቹን ይጭናል፤ ፀሐይ ሳትበረታ ጫካ ውስጥ ያለውን የጥንቱን የድንጋይ ከተማ ያስጎበኛል፤ ቀትር ላይ ሳክሉም ገብተው በሽካንሃ ይዋኛሉ፤ ላንዲ ከውሃው አጠገብ ባለው የመንደሩ ማድ ቤት ያበሰለችውን ምሳ በልተው ይመለሳሉ። ሽካንሃ መሬቱ ወደ ውስጥ ተደርምሶ የከፈተው ጉድጓድ ነው። ደረጃውን ሲወርዱት ከታች ሰማያዊ ውሃ ተኝቷል፤ የዛፍ ሥሮች ከጣሪያው እንደ ገመድ እየተንጠለጠሉ ይጠጡታል። ጥንት መንደሩ በሙሉ ከዚያ ይቀዳ ነበር፤ አሁን በየቤቱ ጉድጓድ አለ፤ ከሥር ግን ውሃው ያው ነው።

ጋስፓር ሥራውን ይወዳል። ፒራሚዱ ሥር ጥላ ፈልጎ እንግዶቹን ያስቀምጥና ይህን የሠሩት የእኛ ሰዎች፣ ማያዎች፣ ናቸው ይላቸዋል። ሁልጊዜ አንድ ሰው አይጠፋም፣ ማያዎች ታዲያ ወዴት ሄዱ ብሎ የሚጠይቅ። ጋስፓርም ባርኔጣውን ወደ ኋላ ገፋ አድርጎ፣ "መሄዳችንን አልሰማሁም፤ ዛሬ ጠዋት እንኳ ቤት ነበርን" ይላል። እንግዶቹ ይስቃሉ። አንዷ ማያ ምሳችሁን እያበሰለች ነው ሲላቸው ደግሞ ይበልጥ ይስቃሉ።

የአሳማ እርባታው የመጣው ልጁ ሱኤሚ ገና የአንደኛ ደረጃ ተማሪ ሳለች ነው። የጋራ መሬቱ ሹም ዶን አቡንዲዮ ባለመሬቶቹን ቤተ ክርስቲያኑ ፊት ለፊት ካለው ዛፍ ሥር ሰበሰበ። ጫማቸው ያልቆሸሸ ሁለት የአሳማ አርቢ ኩባንያ ሰዎች አብረውት ነበሩ። በደቡብ በኩል ያለው ቁጥቋጦ ለማንም አይጠቅምም፣ ኩባንያው ይከራየዋል፣ ልጆቻችሁም ባሕር ዳርቻ ወርደው ከሚንከራተቱ እዚሁ ሥራ ያገኛሉ ተባለ። ጋስፓር የሲሚንቶው ሸክም ትከሻው ላይ ትዝ አለው። እጅ አውጡ ሲባል አወጣ። ያላወጣ ሰው ማግኘት ይከብድ ነበር። የዚያ ሁሉ አሳማ ቆሻሻ የት ይገባል ብሎ የጠየቀ አልነበረም።

እውነትም ሥራ መጣ። የላንዲ የእህት ልጆች ሦስቱም እዚያ ገቡ። የአሳማ ሥጋም ረከሰ፤ ላንዲ ለእንግዶች ዶሮ ማብሰሏን ትታ፣ በኮምጣጣ ብርቱካንና በቀይ ቅመም የታሸ የአሳማ ሥጋ በሙዝ ቅጠል ጠቅልላ መሬት ውስጥ መቅበር ጀመረች። እንግዶቹ ጣታቸውን ይልሱ ነበር።

ሽታው እንዲያ ሲመላለስ፣ በደቡብ ጫፍ ያሉት ቤቶች የጉድጓዳቸው ውሃ ጣዕሙ ተለወጠብን ማለት ጀመሩ። አንድ ዓመት ደግሞ ጅራተ ረጅሙ ቶህ ወፍ፣ በየዓመቱ ሽካንሃ ግድግዳ ላይ ጫጩቶቹን የሚፈለፍለው፣ ሳይመጣ ቀረ። የላንዲ ወንድም ሩፊኖ ሽካንሃ ደረጃ ሥር ተቀምጦ ገመድ የሚጠብቅ፣ ለእንግዳ የመንሳፈፊያ ጃኬት የሚያለብስ ሰው ነው። የእጁ ቆዳ እየተላጠ ያሳክከው ጀመር። "ሚስቴ ናት" ይላል ሲጠይቁት፣ "ሃያ ዓመት ነካክቻት አሁን ነው መርዟ የወጣው።" ሰው ይስቃል፤ እሱም ያክካል።

ውሃው አልፎ አልፎ አረንጓዴ መምሰል ሲጀምር ጋስፓር ለእንግዶቹ ከዝናብ በኋላ እንዲህ ነው አላቸው። ለመጀመሪያ ጊዜ ሲናገረው እውነት ነበር። ዝናብ ባልዘነበበት ወር ሲደግመው ግን ምላሱ ከበደው፤ ደጋግሞ ሲለው ደግሞ ቀለለው።

ሱኤሚ ሁለተኛ ደረጃ እንደጨረሰች ከአባቷ ጋር ሥራ ጀመረች። ፈቃዷ እስኪወጣ ድረስ ከሚኒባሱ ፊት ወንበር ላይ ትቀመጣለች፣ ባርኔጣና ውሃ ታድላለች፣ አባቷ የሚለውን ሁሉ በልቧ ትይዛለች። ሽካንሃ ላይ ግን አስጎብኚዋ እሷ ነበረች። እንግዶች ጥቁሩን ጥልቀት አይተው ሲያመነቱ፣ ከሁለት ሰው ቁመት በላይ ካለው የድንጋይ ጠርዝ ላይ ትወጣና እጇን ዘርግታ ትወረወራለች። ከሥር ብቅ ስትል ሁሉም ያጨበጭባል፤ አንድ በአንድም ይከተላታል። ጋስፓር ያን ጊዜ ደረቱ ይሰፋ ነበር።

ነገሩ የሆነው በመስከረም፣ ከባድ ዝናብ በጣለ ማግስት ነው። ጠዋቱን የጥንቱ ከተማ ፍርስራሽ ዘንድ ነፋስ የሚባል አልነበረም። ሁልጊዜ የሚንጫጩት ወፎች ጸጥ ብለዋል፤ ድንጋዩ ከሥሩ እርጥበት ይተፋል። ጋስፓር ያንኑ ቀልዱን ቀለደ፤ እንግዶቹም ሳቁ፤ እሱ ግን አብሯቸው ሳይስቅ ላቡን ጠረገ። ነጭ ባርኔጣ ያደረጉ አንዲት አሮጊት፣ ጡረታ የወጡ መምህርት፣ ልብ ብለው ሲያዩት ነበር። "ዛሬ ደክሞሃል ልጄ" አሉት በስፓኒሽ። ሙቀቱ ነው አላቸው።

ሽካንሃ ሲደርሱ ሱኤሚ እንግዶቹን ወደ ገላ መታጠቢያው ወሰደች። የፀሐይ ቅባት ውሃውን እንዳያበላሸው ሳይታጠቡ መግባት ክልክል ነው፤ ደረጃው ራስ ላይ በሦስት ቋንቋ ተጽፏል። ጋስፓር ቀድሞ ወረደ። ሩፊኖ ከታች ቆሞ ጠበቀው፤ ፊቱ ላይ ቀልድ የሚባል አልነበረም። ጣቱን ከንፈሩ ላይ አድርጎ በእጁ ጠራው።

በጨለማው በኩል፣ ጣሪያው ዝቅ ብሎ ውሃውን ሊነካ በሚደርስበት ጥግ፣ ጋስፓር መጀመሪያ የረገፈ ቅጠል የተጠራቀመ መሰለው። ጠጋ ሲል ዓሣዎች ናቸው። እነዚያ የእንግዳ እግር የሚኮረኩሩት ብርማዎቹ፣ ጺማሞቹ ጥቁሮችም፣ ሁሉም ሆዳቸውን ወደ ላይ ገልብጠው እርስ በርሳቸው እየተገፋፉ ይንሳፈፋሉ። ውሃው የሚናወጥ አይመስልም፤ እነሱ ግን ቀስ እያሉ ይዞራሉ።

"ከመቼ ጀምሮ ነው?" አለ ጋስፓር።

"ጠዋት ስወርድ ጥቂት ነበሩ። አሁን ይኸው።" ሩፊኖ እጁን ሱሪው ላይ ጠረገ። "ምን ላድርግ? ንገረኝና ላድርግ።"

ከላይ የገላ መታጠቢያው ውሃ ሲወርድ ይሰማል፤ የሱኤሚም ድምፅ። በደንብ ታጠቡ፣ ይህ ውሃ የሁላችንም እናት ነው እያለቻቸው ነው። ይህን አባባል ያስተማራት እሱ ነው። ጋስፓር ያን ጊዜ ምን እንዳሰበ በኋላ ብዙ ጊዜ ራሱን ጠይቋል። ላንዲ መሬት ውስጥ ቀብራ ስለምታበስለው ሥጋ አሰበ፤ እንግዶቹን ምን ብሎ እንደሚመልሳቸው አሰበ፤ ዛሬ ከተመለሱ ነገ ማን ይመጣል ብሎ አሰበ። ስለ ልጁ አላሰበም። ይህን ነው ራሱን ይቅር ሊለው ያልቻለው፤ በዚያች ቅጽበት ልጁ ትዝ አላለችውም።

"መረቡን አምጣ" አለ።

ሁለቱም ቅጠል በሚለቅሙበት መረብ እያፈሱ ባልዲ ሞሉ። ባልዲው ሲሞላ ማዳበሪያ ውስጥ ገለበጡ። ሩፊኖ ማዳበሪያውን በጀርባ በኩል ባለችው ጠባብ መውጫ ወደ ማድ ቤቱ ጓሮ ይዞ ወጣ። ሲመለስ እንግዶቹ ደረጃው ላይ ነበሩ።

አሮጊቷ መምህርት ከመጨረሻው ደረጃ ላይ ቆም ብለው አየሩን ሳቡ። ምን ይሸታል ብለው ጠየቁ። ጋስፓር የሌሊት ወፎች ጣሪያው ውስጥ ብዙ ናቸው አላቸው። እሳቸውም ቀና ብለው ጣሪያውን አዩ። አላመኑትም ማለት አይቻልም፤ ጣሪያውን እንዲሁ ረጅም ጊዜ አዩት።

ያኔ ነው ሱኤሚን ጠርዙ ላይ ያያት። እንደ ሁልጊዜው ፀጉሯን ጠቅልላ፣ የእግር ጣቶቿን ድንጋዩ ጫፍ ላይ ቆልምማ ቆማለች። ጋስፓር እጁን አንስቶ ጠራት።

"ሱኤሚ!"

ዘወር አለች። እንግዶቹም ሁሉ ዘወር አሉ። "ምነው አባዬ?"

አንድ ቃል ቢናገር ለሷ ብቻ ሊናገር አይችልም። ውረጂ ካላት ሁሉም ለምን ይላሉ፤ ለምን ካሉ ማዳበሪያው አለ። ሩፊኖ ገመዱን እያየ ነበር፤ ዓይኑን አላነሳም።

"ምንም" አለ ጋስፓር። "ቀስ ብለሽ።"

ሳቀችበትና ተወረወረች። ውሃው ተዘግቶባት የቆየበት ጊዜ እንደ ወትሮው ነው፤ ለእሱ ግን አላልቅ አለው። ብቅ ስትል ፊቷን ጠረገች፣ አፏ የገባውን ውሃ ተፋች፣ ከዚያ እጇን ለእንግዶቹ አወዛወዘች። አጨበጨቡ። አንድ በአንድም ገቡ።

ምሳ ላይ ሁሉም ተደስተው ነበር። ላንዲ የበቆሎ ቂጣውን ትኩስ ትኩሱን ታቀርባለች፤ ቃሪያው ያቃጠለው አንድ ወጣት ሲያስነጥስ ሁሉም ይስቁበታል። ሱኤሚ የተረፈውን ፍርፋሪ ለቱርክ ዶሮዎቹ ልትሰጥ ወደ ጓሮ ዞረች። ዶሮዎቹ ማዳበሪያውን ከበው ነበር፤ አንደኛዋ ጎትታ ስትቀደው ዓሣዎቹ ተዘረገፉ። ስትመለስ ባዶውን ሳህን አስቀመጠች። ወደ ከተማ ሲመለሱ ግን ፊት ወንበሩን ለአሮጊቷ መምህርት ለቃ ከኋላ፣ ከሻንጣዎቹ ጋር ተቀመጠች። ጋስፓር መንገዱን ሁሉ በመስተዋት ሊያያት ሞከረ፤ መስኮት መስኮቱን ታያለች።

ቤት ሲገቡ ፀሐይ ገና አልጠለቀችም። ላንዲ ምድጃው ዘንድ ነበረች።

"ዓሣዎቹን ያወጣችኋቸው እኔ ከመግባቴ በፊት ነው ወይስ በኋላ?" አለች ሱኤሚ።

ሊዋሽ ይችል ነበር። "በፊት ነው" አለ።

"ስትጠራኝ ታውቅ ነበር ማለት ነው።"

"አውቅ ነበር።"

"እንግዲያው ቀስ ብለሽ ማለት ምን ማለት ነው? ቀስ ብዬ ብገባስ ምን ይለወጥ ነበር?"

ላንዲ በእጇ የያዘችውን ሊጥ አስቀመጠች። ማንን እንደምትጠይቅ ግራ ገብቷት ሁለቱን ተራ በተራ አየቻቸው። ጋስፓር ነገሩን ከመጀመሪያው ነገራት። ስትሰማ ቆይታ ልጇን ወደ ጓሮ ወስዳ በተፈላ ውሃ ራሷን አጠበቻት፤ ውሃው የተቀዳው ግን ከቤታቸው ጉድጓድ ነው።

ትኩሳቱ ሳምንት ሳይሞላ ጀመረ። መጀመሪያ ግራ ጆሮዋን አመማት፤ ቀጥሎ አንገቷ አበጠ፤ የመረብ አልጋዋ ውስጥ ሆና ወዲያና ወዲህ ስትወዛወዝ የምትለው ነገር አይያያዝም ነበር። ቫያዶሊድ ሐኪም ቤት ወሰዷት። ሐኪሟ ወጣት ነበረች። የት ዋኘች ብላ ስትጠይቅ ጋስፓር ነገራት፤ እሷም ወረቀቷ ላይ ጻፈች። ከዚያው ከውሃው ነው ብዬ ልፈርም አልችልም፣ አይደለም ልልህም አልችልም አለችው። ሱኤሚ ዳነች። የግራ ጆሮዋ መስማት ግን ሳይመለስ ቀረ። እንግዶቹ ምን እንደሆኑ ማንም አላወቀም፤ በማግስቱ ወደየአገራቸው ተበትነዋል። ጋስፓር ነጭ ባርኔጣ ያደረጉ ሴት መንገድ ላይ ሲያይ ልቡ ድንግጥ ይላል።

ልጁ ከሐኪም ቤት በወጣች በመጀመሪያው ስብሰባ ጋስፓር ተነስቶ ቆመ። ከዚያው ዛፍ ሥር፣ ያየውን ሁሉ ተናገረ። ሽካንሃ ይዘጋ፣ ውሃው ይመርመር፣ እርባታው ቆሻሻውን የት እንደሚያደርገው ይጠየቅ አለ። ከኋላ የቆሙት ወጣቶች አብዛኞቹ የእርባታውን ላስቲክ ቦት ጫማ እንዳደረጉ ነበር የመጡት። የላንዲ የእህት ልጆችም መሐላቸው አሉ።

ዶን አቡንዲዮ መሃረቡን አውጥቶ ግንባሩን ጠረገ። "ጋስፓር" አለ በለሰለሰ ድምፅ፣ "ያኔ ድምፅ ስንሰጥ ያወጣኸው የትኛውን እጅህን ነበር?"

ሰዎች ሳቁ።

"ቀኙን ነው" አለ ጋስፓር። "ዓሣውን የደበቅሁበትን መረብም የያዝኩት በዚሁ ነው።"

ሳቁ ቆመ። ዶን አቡንዲዮ ወደ ሩፊኖ ዞሮ፣ አንተም እዚያ ነበርክ፣ ምን አየህ ብሎ ጠየቀው። ሩፊኖ እጁን እያከከ መሬት መሬቱን አየ። ሁለት ወንዶች ልጆቹ እርባታው ውስጥ ናቸው።

"እኔ ያየሁት ቅጠል ነው" አለ።

ስብሰባው በዚያው ተበተነ። ነገሩን የወሰነ የለም፤ የከለከለም የለም። በማግስቱ የሚኒባሱ ጎማዎች አራቱም በጩቤ ተቀደው ተገኙ። የላንዲ ማድ ቤት ቁልፍ ለሌላ ሴት ተሰጠ። የእህቷ ልጆች በበራቸው ሲያልፉ እንዳላዩ ያልፋሉ። ሽካንሃ ለጥቂት ቀናት ተዘግቶ፣ ነጭ የውሃ ማጣሪያ ዱቄት ተበትኖበት ሰነበተና ተከፈተ፤ ሌላ አስጎብኚ፣ ሌላ ሚኒባስ፣ ያው ደረጃ። ሩፊኖ አሁንም ገመዱን ይጠብቃል። አንድ ቀን መንገድ ላይ ከጋስፓር ጋር ፊት ለፊት ሲገናኙ ሁለቱም ቆሙ። ሩፊኖ፣ "ልጅቷ ደህና ናት?" አለ። ጋስፓርም ደህና ናት አለ። ተላለፉ።

ጋስፓር ሥራውን አልተወም፤ ሌላ ሥራ አያውቅም። ጠዋት የጥንቱን ከተማ ያስጎበኛል፤ ከዚያ ሳክሉም መገንጠያው ላይ ሳይታጠፍ ያልፍና በስተሰሜን ሩቅ ወዳለ ሌላ መንደር፣ ወደ ሌላ የውሃ ጉድጓድ ይወስዳቸዋል። ውሃው ጥርት ያለ ነው፤ ከታች ያለው አሸዋ ይታያል። ሱኤሚ ፈቃዷን አግኝታ አብራው ትሠራለች። ሲነጋገሩ በቀኝዋ በኩል ይቆማል። ተኳርፈው አልቀሩም፤ ግን ያን ቀን ካለችው በኋላ ነገሩን አላነሳችውም፤ ከጠርዝ ላይም ተወርውራ አታውቅም። እንግዶች ሲያመነቱ፣ ካልፈለጋችሁ አትግቡ ትላቸዋለች።

የዚያ ጉድጓድ ጠባቂ ዶኛ ሜልቾራ የሚባሉ ጥርሳቸው የወላለቀ አሮጊት ናቸው። ጋስፓር ሁልጊዜ ከእንግዶቹ በፊት ወርዶ ጥግ ጥጉን ሲያይ ይታዘቡት ነበር። አንድ ቀን ከየት መንደር እንደሆነ ጠየቁት። ከሳክሉም ነኝ አላቸው።

"ከደቡብ ነሃ!" አሉ ደስ ብሏቸው። "እንግዲያው የእናንተን ውሃ ነው የምንጠጣው። ከሥር ከሥር ወደ ባሕሩ ሲወርድ መጀመሪያ እናንተን፣ ቀጥሎ እኛን ነው የሚያገኘው፤ አባቴ እንዲህ ይል ነበር። እግዜር ይስጥልን።"

ጋስፓር ፊቱን ወደ ውሃው አዞረ። አሮጊቷ የምስጋና ነገር አሳፍሮት መስሏቸው ትከሻውን መታ መታ አደረጉት። ጎንበስ ብሎ ውሃውን በእጁ ዘገነ፤ በጣቶቹ መሐል እስኪያልቅ አየው። ቀዝቃዛ ነው፤ ንጹሕ ነው። እንግዶቹ ደረጃው ላይ እየወረዱ ነበር።

"ዛሬ ባናስገባቸውስ?" አላት ሱኤሚን፣ በሚሰማው ጆሮዋ በኩል ጠጋ ብሎ።

"ምን አየህ?"

"ምንም።"

"ምንም ሳናይ ምን እንበላቸው?"

እንግዶቹ እየሳቁ አንድ በአንድ ገቡ። ጋስፓር ገመዱን በሁለት እጁ ይዞ፣ የመጨረሻው ሰው እስኪወጣ ድረስ ከውሃው ላይ ዓይኑን አላነሳም።